ሦስት ጊዜ በቀኝ ትከሻ

ያን ዓመት አስመራ ውስጥ ሰላም መባባል ያሳምም ነበር። ሌላውን ሰው ሳይሆን እኔን። ነጻነት ከመጣ ገና ሁለት ዓመቱ ነው፤ ታጋዮቹ ከበረሃ ይዘውት የገቡት ሰላምታ ከተማውን በሙሉ ይዞታል። ቀኝ እጅና ቀኝ እጅ ይጨባበጥና ቀኝ ትከሻ ከቀኝ ትከሻ ጋር ይጋጫል፤ አንዴ፣ ሁለቴ፣ ሦስቴ። ናፍቆት ካለ አምስትም ስድስትም ይደርሳል። ባለሱቁ፣ የአውቶቡስ ትኬት ቆራጩ፣ የአባቴ ጋራዥ መካኒኮች፣ ከቅዳሴ የሚመለሱ ሽማግሌዎች፣ ሁሉም በትከሻ ነው። እኔ ደግሞ ከስዊድን የመጣሁት ቀኝ ትከሻዬ ተሰብሮ፣ በብረትና በብሎን ተገጣጥሞ ነበር። ይህንንም ለማንም አልተናገርኩም።

ስለዚህ ማምለጥ ጀመርኩ። ሰው ሲመጣ ቀድሜ ጉንጩን እስማለሁ፣ ወይም በቀኝ እጄ የሻሂ ብርጭቆ ይዤ እቆማለሁ። ሰፈራችን ጎዳይፍ ውስጥ ወሬው ለመዛመት ሁለት ቀን አልፈጀበትም፤ ፈረንጅ ሆኖ ነው የመጣው፣ ሰላምታ እንኳ ተጸይፏል ተባልኩ። ይበሉኝ አልኩ። ከሐሜት ይልቅ ትከሻዬን ነበር የምፈራው።

የበረዶ ሆኪ ተጫዋች ነበርኩ። ለጨዋታ ሳይሆን ለእንጀራዬ። አስመራ ውስጥ ይህን ስናገር ሰዎች ወይ ይስቃሉ ወይ ያዝኑልኛል። በረዶ ለእነሱ ወይ ከሰማይ የሚወርድ ነው፣ ወይ ከፍሪጅ የሚወጣ። ስድስት ሰው በስድስት ሰው ላይ፣ እግራችን ላይ ስለት ታስሮ፣ የጫማ ቀለም ቆርቆሮ የምታክል ጥቁር ጎማ በረጅም ዱላ እያባረርን፣ ግድግዳ በተከበበ በረዶ ላይ እንደምንፋጅ ሳስረዳቸው፣ «ታዲያ ሥራህ ምንድን ነው?» ይሉኛል። ሥራዬ ቀኝ ክንፍ ነው። ጎማዋ ወደ ጥግ ስትሄድ ተከትያት እገባለሁ፣ ከኋላዬ የሚመጣው ተከላካይ ከግድግዳው ጋር ያጣብቀኛል፣ እኔ ደግሞ ጎማዋን ሳልለቅ እወጣለሁ። ጎል የሚያገባው ሌላ ነው። ጋዜጣ ላይ ፎቶው የሚወጣውም ሌላ ነው። ያለ እኔ ግን ጎማዋ ከጥግ አትወጣም።

ስዊድን የገባነው ዐሥር ዓመቴ ላይ ነው። በመጀመሪያው ክረምት ትምህርት ቤቱ ሜዳው ላይ ውሃ አፍስሶ አቀዘቀዘውና ልጆቹ ወጡበት። እኔም ወጣሁ፤ ወደቅሁ። ሳቁ። ተነስቼ ደግሜ ወደቅሁ። የስፖርት አስተማሪው እናቴን ጠርቶ፣ ይህ ልጅ ሩጫ ቢሞክር ይሻለዋል፣ የእናንተ ሰዎች ሯጮች ናችሁ አላት። እናቴ የሰማችውን ቃል በቃል ነገረችኝ፤ እስከ ዛሬ ደሜ ይፈላል። ሩጫ አልወድም። ወድጄም አላውቅም። በዚያው ሳምንት የሰው አሮጌ የበረዶ ጫማ ሁለት ካልሲ ደርቤ አጠለቅሁና፣ ልጆቹ ሁሉ ገብተው እኔ ብቻ እስክቀር በረዶው ላይ ዋልኩ። በዐሥራ ስምንት ዓመቴ ዋናው ቡድን ውስጥ ገባሁ። ያ አስተማሪ ትኬት ቆርጦ ሲያየኝ ነበር፤ ሰላም አላልኩትም።

ይህን ሁሉ በአማርኛ መጻፌ የሚከነክነው ሰው አለ፤ ይወቀው እንግዲህ። የተወለድኩት አስመራ ነው። ስድስት ዓመት ሲሆነኝ እናቴ ይዛኝ አዲስ አበባ ሄደች፤ እሷ ተወልዳ ያደገችው እዚያ ነው። ፊደል የቆጠርኩት እዚያ ነው፤ ስዊድንም ከገባን በኋላ የቤታችን ቋንቋ አማርኛ ነበር። አባቴ እናቱን ጥሎ መምጣት አልሆነለትም፤ አስመራ ቀረ። በኋላ ጦርነቱ መንገዱን ዘጋውና ዐሥራ ስምንት ዓመት ሳንተያይ አለፈ። እኔ ስመጣ አስመራ ውስጥ አማርኛ ጮክ ብሎ የሚናገር ሰው ዓይን ይበዛበት ነበር። ግድ አልሰጠኝም። ለሌላው የወታደር ቋንቋ ይሁን፤ ለእኔ የእናቴ ነው። የእኔ ትግርኛ ደግሞ የስድስት ዓመት ልጅ ትግርኛ ስለሆነ አባቴ ራሱ በአማርኛ ነበር የሚያዋራኝ፣ የጎደለውን በትግርኛ እየሞላ።

ትከሻዬ የተሰበረው በመጋቢት ነው፣ በውድድሩ የመጨረሻ ጨዋታ። አንድ ግዙፍ ተከላካይ ከኋላዬ መጥቶ ግድግዳው ላይ ለጠፈኝ፤ አጥንቱ ሲሰበር ድምፁን ሰምቼዋለሁ። የክለቡ ሐኪም ከቀዶ ጥገናው በኋላ፣ «ለኑሮ ይበቃሃል፣ ለጨዋታ እንጃ» አለኝ። አሠልጣኙ ደግሞ ቀጠሮ ሰጠኝ። ነሐሴ መጀመሪያ ላይ ፈተና አለ፤ ትከሻህ ግጭት ከቻለ ቦታህ ያንተ ነው፣ ካልቻለ ለሌላ እንሰጠዋለን። እስከዚያ የፈለግህበት ሂድ አለኝ። ሃያ አራት ዓመቴ ነበር። ከዚያ ጥግ ሌላ የማውቀው ሥራ አልነበረኝም፣ እንዲኖረኝም አልፈለግሁም። መንገድ ተከፍቷልና አባቴ ዘንድ መጣሁ፤ በግንቦት።

አባቴ በመጀመሪያው ሳምንት ነው ሐሳቡን የገለጠው። ረጋ ያለ ሰው ነው፤ ዕድሜውን የአውቶቡስ ሞተር ሥር ተኝቶ የጨረሰ።

«ወደይ፣ ልጄ፣ ጋራዡ ሰው ይፈልጋል» አለኝ። «አገር እየተሠራ ነው። ጨዋታ በልጅነት ነው የሚያምረው።»

«ባባ፣ እኔ እኮ ሥራ አለኝ» አልኩት።

«መጫወት?»

«እወ፣ መጫወት።»

ራሱን ነቀነቀ። ትከሻዬን ቢያውቅ ኖሮ ነገሩ እዚያው ላይ ያበቃ ነበር፤ ከቤት አይለቀኝም። ዐሥራ ስምንት ዓመት የጠበቀ አባት ልጁን ተሰብሮ እያየው እንዲሄድ ይፈቅዳል ብዬ አላስብም። ስለዚህ ዝም አልኩ። ዝም ማለቱ ሳያንሰኝ አንድ ሞኝነት ጨመርኩበት።

ከቤታችን ፊት ለፊት አንድ ሽማግሌ ይኖሩ ነበር፤ በወጣትነታቸው የብስክሌት ተወዳዳሪ የነበሩ፣ ቁመታቸው አጭር፣ ባታቸው አሁንም ድንጋይ የሆነ። ሰዉ ሁሉ «ኣቦይ» ይላቸዋል፤ እኔም እንደዚያው። ልጃቸው ከሳውዲ የላከችላቸው ቴሌቪዥንና የቪዲዮ ማጫወቻ አላቸው። አባቴ ሥራዬን በዓይኑ ካየ ያከብረዋል ብዬ የዚያን የመጨረሻ ጨዋታ ካሴት ይዤ ሄድኩ። ከመሰበሬ በፊት ያለውን ብቻ አሳይቼ ላቆመው ነበር ሐሳቤ። ቤቱ በጎረቤት ሞላ። አባቴ ከፊት ወንበር ተሰጠው።

መጀመሪያ ላይ ደስ አላቸው። «እንዴት ይበራል!» እያሉ ያጨበጭባሉ። ኣቦይ ተጠግተው የእግሬን አጣጣል ያያሉ። እኔም ሙገሳው ጣፈጠኝና ማቆሚያው ቦታ አለፈኝ። ያ ግዙፍ ተከላካይ መጣ። ገጨኝ። የበረዶው ሜዳ ላይ ተጠቅልዬ ቀረሁ።

አባቴ ተነስቶ ቴሌቪዥኑ አጠገብ ቆመ።

«ይህ ሰው ማነው?» አለኝ።

«የተቃራኒው ቡድን ተከላካይ ነው፣ ባባ። ሥራው ነው። ደህና ነኝ፣ አያዩኝም? ለጥቂት ቀን ታሰረ፣ ዳነ።»

«ምን አድርገኸው ነው የመታህ?»

«ጎማዋን ይዤ ነበር።»

አባቴ ወደ ቤቱ ሄደ። በነጋታው ሽማግሌ ሰብስቦ ጠበቀኝ። የመጡት ሦስት ናቸው፤ የሰፈሩ ቄስ፣ ጡረታ የወጡ አንድ የባቡር ሠራተኛ፣ እና ኣቦይ። እኛ ዘንድ ሰው ሰውን መትቶ ከጣለ ነገሩ እንዲሁ አይታለፍም፤ ቂም ሥር ሳይሰድ ሽማግሌ ይገባል፣ ጥፋተኛው ይለያል፣ ዕርቅ ይወርዳል። አባቴ ይህን ያደረገው ከልቡ ነው። ልጁ በሰው አገር ባላንጣ እንዳለው አየ፤ ባላንጣ ያለው ልጅ ደግሞ ሳይታረቅ ወደዚያ አይመለስም። ደጋግሜ «ይህ ጠብ አይደለም፣ ጨዋታ ነው» ብላቸው፣ የባቡሩ ሠራተኛ «ልጄ፣ የወደቀው ጨዋታው ነው ወይስ አንተ?» አሉኝ።

ችሎቱ የተቀመጠው ኣቦይ ቤት ነው፣ ማስረጃው እዚያ ስለሆነ። ቄሱ ካሴቱን አምስት ጊዜ አስደገሙት። «መልሰው፣ መልሰው፣ እዚያ ላይ አቁመው» ይላሉ፤ ምስሉ እየተንቀጠቀጠ ይቆማል፣ እኔም በአየር ላይ ተንጠልጥዬ እቆማለሁ።

«ጎማዋ የማን ናት?» ሲሉ ጠየቁ ቄሱ።

«የማንም አይደለችም፣ አባ።»

«የእሱ አይደለችም?»

«አይደለችም።»

«ያንተስ?»

«የእኔም አይደለችም።»

«እንግዲያ በማንም ባልሆነ ንብረት ነው የተጣላችሁት» አሉና ለጓዶቻቸው በትግርኛ አስረዱ። ሳቄ መጣ፤ አባቴን አይቼ ዋጥኩት።

ከዚያ ማንም ያላሰበው ነገር መጣ። ካሴቱ ወደ ፊት እየሄደ ነበር፤ ማጥፋቱ ተረስቶ። ጨዋታው አለቀ። በእኛ ደንብ ጨዋታ ሲያልቅ ሁለቱ ቡድኖች ይሰለፉና ፊት ለፊት እያለፉ እጅ ይጨባበጣሉ። እኔም ቀኝ ክንዴ ደረቴ ላይ ታስሮ ከሰልፉ መጨረሻ ላይ እታያለሁ። ያ ሰውዬ እኔ ጋ ሲደርስ ቆመ። ቀኜ እንደታሰረ አየና ግራ እጁን ዘረጋልኝ። እኔ ፊቴን አዙሬ አለፍኩት።

«ግራውን?» አሉ የባቡሩ ሠራተኛ፣ እንደ ተሰደበ ሰው።

«ኣይፋል፣ አይደለም፣ ቀኙ ታስሮ እኮ ነው፤ ምን ያድርግ?» አሉ ኣቦይ። «ሰውየው ቆሟል። ቆሞ ጠብቆታል።»

ቄሱ ያን ቦታ ሦስት ጊዜ አስደገሙት። ከዚያም ሦስቱ ወደ ጓሮ ወጥተው ተመካከሩ። ሲመለሱ ፍርዱን ቄሱ ተናገሩ። ምቱ በሥራ ላይ የሆነ ነው፤ ሁለቱም ፈቅደው በገቡበት ሜዳ የሆነ ነው፤ ይህ በደል አይባልም። ሰላምታ ሲሰጥ ረግጦ ማለፍ ግን ከሜዳው ውጭ ነው። ጥፋተኛው ልጅህ ነው አሉት ለአባቴ።

ጆሮዬን አላመንኩም። ትከሻዬን የሰበረው እሱ፣ ጥፋተኛው እኔ! ተነስቼ ጮህኩ። በሦስት ቋንቋ ጮህኩ። ሽማግሌዎቹ እስክጨርስ በትዕግሥት ጠበቁኝ፤ እንዲህ ያለ ጩኸት ስንት ጊዜ እንደሰሙ ያስታውቅባቸዋል። ከዚያ ኣቦይ ብድግ አሉ።

«ያ ሰው እዚህ ስለሌለ እኔ ወኪሉ ነኝ» አሉ። «ዛሬ እኔ እሱ ነኝ። ና፣ ሰላም በለኝ። እንደ አገራችን።»

ቀኝ እጃቸውን ዘርግተው፣ ቀኝ ትከሻቸውን ወደ እኔ አዘንብለው ቆሙ። ሦስት ጊዜ መጋጨት ነው። ትከሻዬ እንኳን ሦስት ጊዜ ሊጋጭ፣ ሸሚዝ ስለብስ እንኳ ያስቃስተኛል። አንድ ጊዜ ብነካ ፊቴ ሁሉን ይናገራል፤ አባቴም ያያል።

«አላደርገውም» አልኩ።

«ወደይ!» አለ አባቴ።

«አላደርገውም ባባ። አሻፈረኝ።»

ኣቦይ እጃቸውን አላጠፉም። ሰዉ ሁሉ ያያል፤ የሽማግሌው ክንድ ዛለ፣ ግን አላጠፉም። እኔ ነኝ ቀድሜ ከቤቱ የወጣሁት። አባቴ ተከትሎኝ ይመጣል ብዬ ነበር፤ እሱ ግን በቀጥታ ወደ ሻንጣዬ ሄዶ ፓስፖርቴንና ቲኬቴን አወጣና ለቄሱ ወስዶ ሰጠ። መያዣ ነው። ዕርቁ እስኪወርድ የሚቆይ።

የዚያን ቀን በአባቴ ላይ የተናገርኩትን እዚህ አልጽፈውም። እሱም ከዚያ በኋላ ለብዙ ቀን አላናገረኝም፤ ቁርሴን አቅርቦልኝ ይወጣል፣ እራቴን አቅርቦልኝ ይተኛል። እኔም አላናገርኩትም። ከማን አንሼ!

በማግስቱ ጠዋት ኣቦይ መጡ። አባቴ ሥራ ሄዷል። በሩ ላይ ቆመው ከላይ እስከ ታች አዩኝ።

«እምቢ ያልከው አንተ ነህ ወይስ ትከሻህ?» አሉኝ።

«ምን ይላሉ?»

«ሸሚዝህን አውልቅ።»

አላወልቅም ብዬ ተከራከርኩ። እሳቸው ወንበር ስበው ተቀመጡ። ሲቆይ አወለቅሁ። ጠባሳው ከአንገቴ ሥር እስከ ብብቴ ነው። ጠጋ ብለው በአውራ ጣታቸው አጥንቱን ዳሰሱት፤ ጥርሴን ነከስኩ።

«ለአባቴ እንዳይነግሩት» አልኩ።

«ለምን እነግረዋለሁ?»

ነሐሴን ነገርኳቸው። ፈተናውን፣ ቦታዬን፣ ሁሉን ነገርኳቸው። እሳቸውም በወጣትነታቸው አንድ ጊዜ ከአስመራ ወደ ቆላ በሚወርደው የነፋሲት ቁልቁለት ወድቀው ከአንገታቸው ሥር ያለው የትከሻ አጥንት እንደተሰበረ አወጉኝ። «አቁም አሉኝ። ሐኪሙም፣ ሚስቴም፣ ቄሱም። አቆምኩ። አጥንቱ በሁለት ወር ዳነ። ማቆሜ ግን እስከ አሁን አልዳነም» አሉ። ከዚያም ተነስተው፣ «በል፣ ነገ በጠዋት» ብለውኝ ወጡ።

እንዲህ ነው የተጀመረው። ጓሯቸው ውስጥ አሮጌ የብስክሌት ጎማዎች ተከምረዋል። ከውስጣቸው ያለውን ላስቲክ፣ ከመነዳሪውን፣ እያወጡ በምሰሶ አሰሩልኝና እሱን ስስብ እውል ጀመር። ወደ ጎን፣ ወደ ላይ፣ ከኋላ ወደ ፊት። በመጀመሪያው ሳምንት ክንዴ ከደረቴ በላይ አልሄድ አለ። በሦስተኛው ሳምንት ጆሮዬ ጋ ደረሰ። ለእግሬና ለሳንባዬ ደግሞ ብስክሌታቸውን ሰጡኝ፤ በነፋሲት መንገድ እወርድና ያንን ጠመዝማዛ ዳገት በአንድ እጄ መሪ ይዤ በጉም ውስጥ እወጣዋለሁ። እሳቸው ከላይ፣ የመንገዱ ጫፍ ላይ፣ ጃንጥላ ይዘው ይጠብቁኛል። ከብስክሌቱ ወርጄ ስጋደም «ኣጆኻ፣ በርታ» የሚሉኝ ይመስለኝ ነበር፤ እሳቸው ግን «ትናንት ይሻል ነበር» ነው የሚሉት።

ሐምሌ ሲገባ የአልጋ ፍራሽ ግድግዳ ላይ አቆሙና፣ ግጨው አሉኝ። የመጀመሪያውን ቀን ገጭቼ ተንበረከክሁ። አለቀስኩ ብል ማን ይሰማኛል? አለቀስኩ። ከተንበረከክሁበት ያንን ተከላካይ፣ ያንን ሐኪም፣ ያንን የስፖርት አስተማሪ፣ ፓስፖርቴን የያዙትን ቄስ፣ ሁሉንም ሰደብኳቸው። ኣቦይ ስድቡን አድምጠው ሲያበቁ ፍራሹን አስተካከሉ። ሁለተኛ ገጨሁት። በየጠዋቱ ገጨሁት። አንድ ቀን ፍራሹን አነሱና የራሳቸውን ትከሻ አቀረቡልኝ።

«ቀስ ብዬ ነው» አልኳቸው።

«የፈለግህን ያህል። እኔ እሱ ነኝ፤ ረሳኸው እንዴ?» አሉ።

አውሮፕላኑ ሦስት ቀን ሲቀረው ሽማግሌዎቹ እንደገና ተሰየሙ፤ ቀጠሮውን ያስያዙት ኣቦይ ናቸው። ዝናብ ስለነበር ክፍሉ ውስጥ ተጠጋግተን ተቀመጥን። አባቴ የእሑድ ኮቱን ለብሷል። ፓስፖርቴ ቄሱ ጭን ላይ ነው። ቄሱ ጸሎት አድርገው ጠየቁኝ፣ ይህን ሰው ሰላም ለማለት ፈቃድህ ነው? ፈቃዴ ነው አልኩ። ኣቦይ ተነሱ። ቀኝ እጃቸውን ያዝኩ። አንዴ። ሕመሙ ብሎኑን ዘልቆ ገባ። ሁለቴ። አባቴ ፊቴን እያየ እንደሆነ አውቃለሁ፤ እንደ ድንጋይ አደረግሁት። ሦስቴ። በሦስተኛው ላይ ሽማግሌው ከልባቸው ነው የገጩኝ፤ አንድ እርምጃ ወደ ኋላ ሄድኩ እንጂ አልጮህኩም።

«ይቅር ተባባሉ» አሉ ቄሱ።

«እግዚአብሔር ይቅር ይበል» አልኩ። ቃሉን መርጬ ነው የተናገርኩት። እግዚአብሔር ከፈለገ ይቅር ይበለው፤ እኔን ማንም አይጨምረኝ። ስለ ሰበረኝ ብቻ አይደለም፤ በሃያ አራት ዓመቴ አበቃልህ ያስባለኝ እሱ ነው፣ ከዚያ ደግሞ ግራ እጁን ዘርግቶ ጨዋ ሰው ሆኖ ቆመ። አባቴ ግን ፓስፖርቴን ከቄሱ ተቀብሎ ሲሰጠኝ ፊቱ በራ። ከመጣሁበት ቀን ጀምሮ ያልሰጠሁትን ሰላምታ ለእሱም ሰጠሁት፤ ስንት ጊዜ እንደተጋጨን አልቆጠርኩም። እያመመኝ ነበር፣ እያመመኝም ደስ አለኝ። አውሮፕላን ማረፊያው ለጎዳይፍ ቅርብ ስለሆነ በእግር ነው የሸኘኝ፣ ሻንጣዬን አላስይዝ ብሎ። ስለ ጋራዡ አላነሳም።

ነሐሴ ላይ ፈተናውን ተፈተንኩ። አሠልጣኙ ቡድኑ ውስጥ ካሉት ሁለቱን ግዙፎች መርጦ ተራ በተራ ከግድግዳው ጋር አስገጨኝ። ከአስመራው ፍራሽ አይብስም ነበር። የክለቡ ሐኪም የራጅ ፎቶውን ከትከሻዬ ጋር እያስተያየ ምን እንዳደረግሁ ጠየቀኝ፤ ሽማግሌዎች አስታረቁኝ አልኩት። ቦታዬን አስከበርኩ። ከዚያም ሌላ ስድስት ዓመት በዚያው ጥግ ኖርኩ፤ ማንም አበቃልህ ሳይለኝ፣ በፈቃዴ ወጣሁ።

ያን ሰውዬ ያገኘሁት በጥቅምት ነው፣ በእነሱ ሜዳ። በማግስቱ ጠዋት ለአባቴ ደወልኩ። ቤት ስልክ ስላልነበረው ፌርማታው አጠገብ ባለው ባር ነው የሚጠብቀኝ፤ ቀኑን አስቀድመን ተቀጣጥረናል። ከኋላው የሲኒና የሰው ድምፅ ይሰማል።

«ተገናኛችሁ?» አለኝ ገና ሳንጠያየቅ።

«እወ፣ ባባ። ተገናኘን።»

«ሰላም ተባባላችሁ?»

«ጨዋታው ሲያልቅ። በቀኝ እጄ።»

«የቐንየለይ፣ ወደይ። እግዚአብሔር ይስጥህ። ለቄሱ እነግራቸዋለሁ።»

እዚያ ላይ ማቆም እችል ነበር። ግን አባቴን ዐሥራ ስምንት ዓመት አላውቀውም ነበርና ሌላ ውሸት በመካከላችን እንዲገባ አልፈለግሁም።

«ባባ፣ ከሰላምታው በፊት መታሁት» አልኩ። «በሕጉ ነው፣ ዳኛው ምንም አላለም። ጎማዋን ይዞ ጥግ ገባ፣ በቀኝ ትከሻዬ ሄድኩበት።»

ባሩ ውስጥ ሰው ይስቃል። አባቴ ተቆጣ ብዬ አሰብኩ፤ ያን ሁሉ ሽማግሌ፣ ያን ሁሉ ጸሎት ከንቱ አደረግሁበት ብዬ።

«ወደቀ?» አለኝ።

«ወደቀ።»

ከዚያ አፉን ስልኩ ላይ አስጠግቶ፣ ሰው እንዳይሰማው ዝቅ ባለ ድምፅ፣ «እኔም ይቅር አላልኩትም ነበር» አለ። «እስቲ ከመጀመሪያው ጀምረህ ንገረኝ።»

ከመጀመሪያው ጀምሬ ነገርኩት።